አንዲት ጭረት

ፉሪ፣ ካባው ሥር ነው የቆርቆሮ ጥላዬ፤
ሲኖትራክ ባለፈ ቁጥር ይዘላል መሮዬ፣
ፊደል ይስታል።
ለክርስቲያኑ «ዐረፈ» ብዬ በእኛው ፊደል፣
ለእስላሙ ወረቀት እያየሁ፣ ከቀኝ ወደ ግራ፣
የማላነበውን ዐረብኛ እቀርጻለሁ
እንደ ሐረግ ሥዕል።

አንዴ ነጥብ ዘነጋሁ።
ጥርስ በምታህል ፊደል አናት ላይ፣ አንዲት ነጥብ።
የሟች ልጅ መጣ፣ ጣቱን አስቀመጠ፦
«ይሄ የአባቴ ስም አይደለም።
ነጥቡ ከላይ ሲሆን ‹ነ› ነው፣ ከታች ሲሆን ‹በ›፣
ሁለት ሲሆን ‹ተ›፤
ያለ ነጥብ ግን ማንም ነው።»
ነጥቧን መታሁ፤ የሂሳቡን ግማሽ ቀነሰ።
«ማንም ነው» ያላት ቃል ጆሮዬ ላይ ቀረች።

ሙንተሃ የመጣች ሐምሌ ነው፣ በጭቃው፣
ከጆርዳን ከተመለሰች በሦስተኛ ሳምንቷ።
ኸይሩ ወንድሟ ኮብልስቶን ፈላጭ ነበር፣
ከእኔ ሁለት ጥላ አለፍ ብሎ፤
ካባው ሲደረመስ ሄደ።
እሷ በስልክ ነው የቀበረችው።

«በፊደል ስንት ታስከፍላለህ?» አለች፣
«የኔ አጭር ነው።»
ስልኳን ዘረጋች። ጥቁር ድንጋይ፣ ነጫጭ ጭረት።

«ከመፍረቅ ወደ ምሥራቅ ድንጋይ ብቻ የበቀለበት በረሃ አለ።
የማዳሜ አባት ለሽርሽር ይወስዱናል፣
እኔ ማንቆርቆሪያውን ተሸክሜ፤
ልጆቹ ‹ቋንቋ አይገባትም› እያሉ ፊቴ ላይ ያሙኛል።
ሽማግሌው ድንጋዩን በውሃ አራሱት፤
‹ዐረብኛ ነው› አሉ፣ ‹የራሱን ቤት ሳይሠራ፣
በሰው ፊደል ተከራይቶ ሲኖር።
መንጋ የሚጠብቁ ሰዎች ናቸው የጻፉት።›
ልጆቹ ተጠግተው አዩ፣ አንድም አላወቁም።
እኔ ግን መስቀል አየሁ፤ ‹ተ›።
ክብ አየሁ፤ ‹ዐ›።
ክቡ እግር ሲያወጣ ‹የ›፣
መሐሉን ሲሰነጠቅ ‹ወ›።
ዝም አልኩ፤ ማን ይጠይቀኛል?
ሳህን እያጠብኩ፣ አራቱን ፊደል፣
ሌሊቱን ሙሉ አነበብኳቸው።»

«መጀመሪያ ላይ ያለችው ጭረትስ?» አልኳት።
«እሷ ‹ለ› ናት። በሷ ነው የሚጀምሩት፤
ለእገሌ፣ የእገሌ ልጅ፣ የእገሌ ልጅ።
ከዚያ ‹አዘነ› ይላል፣ ስለ ወንድሙ። በቃ።
‹መቃብር ነው?› ብዬ ጠየቅኋቸው በዐረብኛ፤
ልጆቹ ዞር አሉ።
‹አይደለም› አሉኝ፣ ‹መንጋውን እያየ
የተቀመጠበት ቦታ ነው።›»

ያው የእኛው ጥቁር ድንጋይ ነው፣ እሳት የወለደው፤
መርጬ አነሳሁ።
ጽሑፉን በእኛው ፊደል አለች፣
‹ለ›ን ግን እንደነሱ፣ አንዲት ጭረት።
መዶሻውን ከእጄ ወሰደች፣
ራሷ መታቻት። ጠመመች፤ አላቃናኋትም።
የቀረውን እኔ ጨረስኩ፦
ኸይሩ፣ የኑርጋ ልጅ፤ ሙንተሃ አዘነች።
ቀን የለው፣ ዓመተ ምሕረት የለው።

አጎቷ መቃብር ላይ ጽሑፍ አይወድም።
ስለዚህ ድንጋዩ ወደ ኮልፌ አልሄደም፤
ካባው አፋፍ ላይ፣ ኸይሩ ምሳውን ከሚበላበት፣
ፊቱን ወደ መንገድ አድርገን አስቀመጥነው።
ጫኞቹን ለምኛለሁ፣ «እሺ» ብለዋል፤
ግን በየሳምንቱ አዲስ ሹፌር ይመጣል፣
አንድ ቀን ፈጭተው ከአስፋልት ሥር ያነጥፉት ይሆናል።
እሷም ይህን ታውቃለች። የከፈለችኝን ቆጥሬ አልተቀበልኩም።

ዛሬ ሥራ የለም።
እግሬ ሥር ከነበረ ስባሪ ላይ
አንዲት ጭረት አወረድኩ፣ ቀጥ ያለች። ለ።
ለማን እንደሆነ ገና እያሰብኩ ሳለሁ
ሲኖትራክ አለፈ፣ መሮዬ ዘለለ፤
አጠገቧ ነጥብ ወጣች።
ድንጋይ ነውና አይፋቅም።