ደረጃው ስንት ነው?

ሥራዬ ድልድይ ነው፤ ሰው ይሻገርብኛል፤
ያንዱ ቃል በኔ አፍ ላንዱ ይደርሰዋል።
"ጠማኝ" ሲል ምስክር፣ "ጠማኝ" እላለሁ፣
ሙሉ ብርጭቆ ፊት ተቀምጬ ሳለሁ።
ሃያ ሁለት ዓመት በማካንዳ ችሎት
ብዙ እንባ ተርጉሜ፣ ብዙ ሐሰት፣ ብዙ እውነት፣
አንዲት ጥያቄ ናት ጉሮሮዬን ያነቀችኝ፣
በዚያ በሐምሌ ብርድ ቶዛማ የጠየቀችኝ።

ከንቻባኔ መጡ፣ ከገደሉ መንደር፣
አሥራ አንድ ሆነው በፒክአፕ ጀርባ፣ በአንድ ሸራ ሥር።
ቶዛማ ፊት ነበረች። በእጇ የያዘችው
ወረቀት አይደለም፣ መጽሐፍም አይደለ፤
ቢጫ ጀሪካን ነው።
(ጥበቃው በሩ ላይ ሊቀማት ሲል
"ማስረጃዬ ነው" አለችው።
ሳቀ። አሳለፋት።)

የማዘጋጃ ቤቱ ጠበቃ ተነሣ፤
ክፉ ሰው አይደለም፣ አውቀዋለሁ፣
ከሥራ ስንወጣ ስለ ልጆቼ ይጠይቃል።
"ክቡር ፍርድ ቤት፣ መብቱን ማን ይክዳል?
ውሃ በሕገ መንግሥቱ በግልጽ ተጽፏል።
ግን እዚያው ገጽ ላይ፣ ዝቅ ብሎ ሲታይ፣
'አቅም በፈቀደ፣ ደረጃ በደረጃ' ይላል።
በጀት የምክር ቤት ነው፤ ዳኛ ቧንቧ አይዘረጋም፤
ላንድ መንደር ሲፈርድ ሌላው አይታየውም።"

ተረጎምኩላት፣ በኮሳ፣ በእናቴ ቋንቋ፣ ቃል በቃል።
ዝም አለች። ጀሪካኑን በአውራ ጣቷ መታ መታ አደረገችው፦
ባዶ ዕቃ ይጮኻል።
"ጠይቅልኝ ልጄ፣ ደረጃው ስንት ነው?
እኔ እስከ ምንጩ ድረስ የራሴን ቆጥሬአለሁ፦
ሁለት ሺህ ሦስት መቶ፣ ቁልቁለቱን።
ሽቅቡ ይበልጣል፣ ሸክም እርምጃ ስለሚያሳጥር።
ከብቱ ከላይ ይጠጣል፣ እኛ ከሥር።
የልጄ ልጅ በተቅማጥ ሞተ፤
በነሱ አቆጣጠር በስንተኛው ደረጃ ላይ ነው?
ጠይቅልኝ ብቻ። ስድብ አይደለም።
መቁጠር ስለምወድ ነው።"

ድምፄ ተሰበረ። ሕጉ አይፈቅድም፣
አስተርጓሚ በሰው ሐዘን አይታመምም።
ውሃዬን ልጠጣ እጄን ሰደድኩና
ጀሪካኑን አይቼ መለስኩት እንደገና።

ዳኛ ኦስትሃይዘን መነጽሯን አወለቀች።
"የከተማውን ገንዘብ ላካፍል አልመጣሁም፤
ግን አቅም የለኝም ያለ፣ አቅሙን ያሳየኝ።
የአምስት ዓመቱን ሰነድ ገልጫለሁ፤
በንቻባኔ አንጻር የተጻፈው
ዜሮ፣ ዜሮ፣ ዜሮ፣ ዜሮ፣ ዜሮ ነው።
ከዜሮ ወደ ዜሮ ደረጃ የለም።"
(ስለ ውሃ የመጣው ክርክር ውሃ አላነሳም።
ይህን እሷ አላለችም፤
በልቤ ያልኩት እኔ ነኝ፤
እዚያ እንኳ የራሴ አፍ አለኝ።)

በስድስት ወር ውስጥ ቧንቧ ይቁም፣
በየሦስት ወሩ በመሐላ ሪፖርት ይቅረብ ተባለ።
ስተረጉም አዳራሹ በእልልታ ተናወጠ።
ቶዛማ ግን ጣቶቿን ታጥፋለች፣ ትዘረጋለች፤
የስድስት ወር እርምጃ እየደመረች።

በስምንተኛው ወር ማንም ሳይልከኝ ሄድኩ።
ቧንቧው ቆሟል። ሲሚንቶው ላይ ቁጥር ተቀብቶበታል።
በማዘጋጃ ቤቱ ሪፖርት "ተጠናቋል" ይላል።
ቶዛማ ከፈተችው።
ሳለ። ነፋስ ተፋ።
ቀጥሎ አንድ እፍኝ፣ ዝገት የመሰለ።
"አንዳንድ ማክሰኞ ጥሩ ይወርዳል" አለች፣ እንዳላፍር ብላ።
"አንተ አስተርጓሚ አይደለህ? እስቲ አሁን ምን አለ?"

ጆሮዬን ከብረቱ አስጠጋሁ።
የማውቃቸው ቋንቋዎች ሁሉ ጥለውኝ ሄዱ።

መዳፏን በቀሚሷ ጠረገችና
ቢጫውን ጀሪካን ከጥላው አነሣች፦
"ሰኞ ችሎት እንመጣለን።
ለጥበቃው ንገርልኝ፣
ማስረጃዬን ይዤ ነው።"