መብራቱን የያዘው ሰው

ተንደር ቤይ፣ በየካቲት፣ ሐይቁ እንደ ድንጋይ ጠጥሮ፣
ጭሱ ሳይቀር ከየጣራው ላይ ቀጥ ብሎ ቆሞ አድሮ፣
ስልኬ ጮኸ። «ማሞቂያችን ሞተብን» አለች አንዲት ሴት፣
«ድረስልን፤ ከእህል ጎተራው ጀርባ፣ ቢጫው ቤት።»

ኖርማንድ ከፈተልኝ፣ የሚስቱን የሐር ካባ ደርቦ፣
ጢሙን ሲላጭ ሁለት ቦታ ተቆርጦ፣ ሆዱን ወደ ውስጥ ስቦ።
«ግባ ግባ፣ ጫማህን አታውልቅ» አለኝ። ገባሁ።
ምነው ባልገባሁ!
አልጋው ከመኝታ ቤት ተሰዶ ሳሎን መሀል ቆሟል፤
ካሜራው በሦስት እግሩ እንደ ሽማግሌ አዘንብሏል፤
ቀዩ አንሶላ ላይ የዋጋው ወረቀት ገና ተንጠልጥሏል።

ግሌንዳ መጣች፣ መነጽሯን ግንባሯ ላይ ሰቅላ፣
«እንዳትደነግጥ፣ ሥራ ነው» ብላ፦
«ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ የሰው ሠርግ ስንቀርጽ ኖርን፤
ሙሽራ አስቀን፣ አማት አባብለን፣ ሰካራም ሚዜ ደግፈን።
ዛሬ ሁሉም በኪሱ ካሜራ አለው፤ የሚጠራን የለም፤
ባንኩ ግን አልረሳንም።
እና፣ የሠርጉን ቀን ቀርጸን ቀርጸን ጨርሰናል፤
ሌሊቱ ይቀረናል።»

ምን ይባላል? ወደ ምድር ቤት ወረድኩ፤ የማውቀው ይሻለኛል።
ማቀጣጠያው ተሰንጥቋል፤ ቱቦው በአቧራ ተደፍኗል።
ከላይ የሚሰማው ግን የፍቅር ድምፅ አይመስልም፦
«ሆድህን ሳብ!» «ስቤ እኮ ነው!» «አልሳብክም!»
«ወገቤን... ተው፣ ያዘኝ መሰለኝ!» «የቱ ጋ?» «አትንካው!»
ከዚያ ሳቅ። ከዚያ የውሻው ጩኸት።
ከዚያ አንድ ከባድ ነገር፤ ጓ!

«ወንድሜ!» ተጠራሁ። መብራቱ ነው የወደቀው፣ መቆሚያው ተሰብሮ።
«ለደቂቃ ያዝልን፣ በፈጣሪ፣ ፊትህን ወደ ግድግዳ አዙረህ።»
ሰው ለሰው መድኃኒቱ ሲባል ሰምቼ ያደግሁ ነኝ፤
መድኃኒቱ እንዲህ እንደሚቆም ግን ማንም አልነገረኝ።

ያዝኩ። ግድግዳው ላይ የራሳቸው የሠርግ ፎቶ ተሰቅሏል፤
ንፋስ የቬሏን ጫፍ አንስቶ የእሱን ፊት ሸፍኖታል፤
ሙሽራው አይታይም።
የፎቶው መስተዋት ከኋላዬ ያለውን ሊያሳየኝ ሲዳዳው
ዓይኔን ጨፈንኩ። መብራቱ እጄን ይፈጀው፣ ይፈጀው።

ቆየ። ሳቁ አለቀ።
«እግርህ በረዶ ሆኗል» አለችው።
መሳቢያ ሲከፈት ሰማሁ፣ ሱፍ ሲጎተት፣ አልጋው ሲጮህ በቀስታ፤
«ያንንም አምጣው።» ከዚያ ረጅም ዝምታ።
«ሃያ ሁለት ዓመት» አለ ኖርማንድ፣ ድምፁ ዘይት እንደጠማው በር፣
«የሰው ሙሽራ ሳሳምር...
አንቺን አንድ ቀን አልቀረጽኩሽም።»
«ካሜራው ክፍት ነው» አለችው።
«አውቃለሁ።»
ተናፈጠ።
ቁረጥ የሚል ሰው ጠፋ፤ የእኔ ሥራ ደግሞ አልመሰለኝም።
ከታች፣ ምድር ቤት፣ የለወጥኩት ማቀጣጠያ ቡፍ አለ፤
መጋረጃው ቀስ ብሎ ተነፈሰ።

ፊልሙን አሥራ አንድ ሰው ገዛው። አንዱ ከሬጂና ተቆጥቶ፣
«ካልሲ ነው ያየሁት፣ ገንዘቤን መልሱ!» አለ ጽፎ፤
አንዲት ሴት ደግሞ፦ «ካልሲው የት ይገዛል?»
የእኔ ሒሳብ በግንቦት ገባ፣ በሦስት ቼክ ተቆራርጦ።
መጨረሻው ላይ አለህ አሉኝ፦ «መብራት፤ የማሞቂያው ሰውዬ።»
አላየሁትም።

ያን ማታ ሚስቴ ትርንጎ የተለበለበ ጣቴን አይታ፣
«የት ነበርክ?» አለች። ነገርኳት፤ ካባውን፣ አልጋውን፣ ሁሉን።
ሳህኑን አስቀመጠች። «እና በመጨረሻ ምን አደረጉ?»
«ካልሲ አደረጉ» አልኳት።

እስከ ዛሬ አላመነችኝም።