ሰባ አንድ ኪሎ

ቅቪሪላ የሚሉት ወንዝ ከገደል ሥር ጠቁሮ፣
ማንጋኒዝ እያጠበ ሲወርድ ተማርሮ፣
ከማዶ ለማዶ ተወጥሮ ገመድ፣
በዚያ ላይ ነው የሚያልፍ የዘመን መንገድ።

ሰማያዊ ሣጥን፣ ቀለሙ የለቀቀ፣
አንድ ሰው የሚይዝ፣ መስኮቱ የተሰነጠቀ።
ከዚህ ሲነሣ ዛሬ ነው፣ ማክሰኞ፣ ጭጋግ አለ፤
ከወንዙ መሐል ሲደርስ ትንሽ ተንገዋለለ፤
ከማዶ ሲወርዱ፣ ሌላ ዓመት ነው ያለ።
እንዴት እንደሚሠራ አትጠይቁኝ እኔን፤
መሐንዲሱም አያውቅ። እኔ የማውቀው ሚዛኔን።

ጺዩሪ እባላለሁ። ሥራዬ መመዘን፣
የሚሄደውን ሰው፣ ደግሞ የሚመለሰውን።
ሕጉ አንድ ነው፣ አጭር፣ በብረት የተጻፈ፦
«በወጣበት ክብደት ይመለስ ያለፈ።»

አንዷ ለእናቷ መድኃኒት ደብቃ ስትሻገር
አሥራ ሁለት ግራም ያዝኩባት ከጫማዋ ሥር።
አንዱ ከማዶ ቁልፍ ይዞ መጣ፣ የፈረሰ ቤት ቁልፍ።
ወደ ወንዙ ወርውር አልኩት።
ወረወረ። አለቀሰ።
እኔም ሻይ ጠጣሁ፤ ምን ላድርግ።

ቦንዶ ግን ማክሰኞ ማክሰኞ ይመጣል፤
ጡረታ የወጣ የጉድጓድ ሰው፣ ያስላል።
ሙርማን የሚሉት ወንድም ነበረው ከማዶ፣
በረዶው ሲቀልጥ የሚቀበር፣ ጉድጓዱ ተንዶ።
«ታላቄ ነው» ይላል፣ «አሁን በአርባ ዓመት እበልጠዋለሁ።»
«አልነገርከውም?» አልኩት።
«ነገርኩት» አለ፣ «ሳቀ።
‹ከሥራ ብቀር ማን ያበላኛል?› ብሎ ጠየቀ።»

መስከረም ላይ ዘጠና ሁለት ኪሎ ነበር፤
ሆዱ እንደ ቦካ ሊጥ ቀበቶውን ሲሻገር።
ጥቅምት ላይ ሰማንያ ስምንት።
«ታመሃል?» «የለም፣ ጾም ነው።»
የጾም ወቅት አልነበረም።
ዳቦውን ለውሻዬ ይሰጥ ጀመረ፤
ውሻዬ ወፈረ፤
እሱ ቀበቶውን በምስማር እየበሳ አሠረ።

ጥር ላይ ሰባ አምስት። ጉንጩ ገባ፣ ዓይኑ ወጣ።
የካቲት፣ በረዶው ሊቀልጥ ሲል፣ ማክሰኞ መጣ፤
ሚዛኑ ላይ ቆመ። መርፌዋ ተወዛወዘች፤
ሰባ አንድ ላይ ስትደርስ፣ ስሟን እንደሰማች፣
ቀጥ አለች።
ሳቀ። በዚያ ሁሉ ዓመት ጥርሱን አላየሁትም።
«ጺዩሪ፣ እስቲ ሕጉን ጮክ ብለሽ አንብቢው።»
አነበብኩ፦ «በወጣበት ክብደት ይመለስ ያለፈ።»
«አየሽ?» አለኝ። አላየሁም። በሩን ዘጋሁ፤ ሣጥኑ ከነፈ።

ሲመሽ ተመለሰ፣ ጠርዙ ውኃ እያንጠባጠበ።
የቦንዶን ካፖርት የደረበ፣
እጁ እስከ ክርኑ በማዕድን የጠቆረ፣
ሃያ ስምንት ዓመት ቢሞላው ነው፣ አንድ ጎረምሳ ወረደ።
ማንም ሳያዘው ሚዛኑ ላይ ወጣ፤
መርፌዋም ወደ ጠዋት ቦታዋ መጣች፦ ሰባ አንድ።
ቃሉን እኔ ስጠብቅ ኖሬ፣ ፍችው ለሱ ተገልጦ!
ሕጉ ክብደት ይጠይቃል።
ፊት አይጠይቅም። ስም አይጠይቅም።
መዝገቡን ገለጥኩ፦
«ቦንዶ። ሲወጣ ሰባ አንድ። ሲገባ ሰባ አንድ።»
ፈረምኩ። ውሻዬ ካፖርቱን አሸተተና
ዳቦውን ቁጭ ብሎ ጠበቀ።

ሳምንቱ ዞረ። ሙርማን ከበሬ ላይ ቆመ፣
ከንፈሩ የደረቀ፣ ዓይኑ የደመደመ።
«መዝኚኝ» አለ፣ «እህል አልቀመስኩም፣ አልጨመርኩም፤
ታናሼን ላምጣው፤ ያ ጉድጓድ የኔ እንጂ የሱ አይደለም።»
ያኔ እኔ፣ ሠላሳ ዓመት በግራም ያልዋሸሁ፣
«ገመዱ ተበጥሷል» አልኩት። ዓይኑን ሸሸሁ።
ከራሳችን በላይ፣ ያልተበጠሰው ገመድ
በነፋሱ ያፏጭ ነበር፣ እንደሚጠራ ዘመድ።