ሜትር ያዡ

አሥራ ሰባት ዓመት በሙሐረቅ ሜዳ
ሜትር ያዥ ነበርሁ፣ ደመወዝተኛ ባዳ።

ሙዝና ስትመጣ ልጅ ነበረች ገና፤
ካባቷ ዓሣ ሱቅ፣ በበረዶ ሣጥን የጠና ቁመና።
አሎሎውን ካንገቷ ሥር ደብቃ፣
እንደ ቂም አጥብቃ፣
ገፋችው።
ዐሥራ አንድ ሜትር። ማንም አላጨበጨበም፤
ከኔና ከዳኛው በቀር ሰው አልነበረም።

ከዚያ ዲስከስ መጣ። ዞራ፣ ዞራ፣ ዞራ
ስትለቀው፣ ከጎን ካየር ማረፊያው ከሚነሣው ጋራ
ይምታታብኝ ነበር።

ከኩዌት፣ ከዶሃ ወርቅ ይዛ ስትገባ፣
ፎቶ አንሺው ሲከባት፣ ሲታደል አበባ፣
እኔ የማውቃት በጠባሳዋ ነው፤
ዲስከሷ ሣሩን ቧጥጦ በተወው።

የመጨረሻው ቀን፣ ትከሻዋ ታሽጎ፣
ወረወረች። ሄደ፣ ነፋሱን ፈልጎ፣
ከጠባሳው ሁሉ አልፎ።
ዳኛው ቀይ አነሣ፤ እግሯ ጠርዝ ነክቷል፤
ያልጸደቀ አይለካም፣ ደንቡ እንዲህ ይላል።
ጫማዋን ፈታች። ሄደች።

ሌሊት መብራት ሲጠፋ ብቻዬን ተመልሼ
ለካሁት፣ ዜሮውን በድንጋይ አስነክሼ።
ቁጥሩን ለማንም አልነገርሁም፤
ለሷም።

ትናንት ዓሣ ሱቁ ጎራ ብዬ ነበር።
ሁለት ኪሎ መዝና
ቀና አለች ሙዝና፤
አንድ ሌላ ወረወረችልኝ፣
ሳትመዝነው።