ጫማችሁን አውልቁ

«ጫማችሁን አውልቁ፣ ድንጋዩ ያሳብቃል፤
የጠባቂው ጆሮ ከውሻው ይልቃል»
አለ ቴዎዱል፣ ታንኳውን ሲገፋ፤
ጨረቃም ተባብሮ ደመና ውስጥ ጠፋ።
ከማርቲኒክ ጫፍ፣ ከጥቁሩ አሸዋ፣
ወደ ዶሚኒካ ባሕሩን ሊያቋርጡ
አናጢው፣ መምህሩ፣ ሸንኮራ ቆራጩ
በባዶ እግር ወጡ።
የእኔም አንሴልም፣ ድምፁ ገና ያልጎረነነው።

እኔ ጫማ ለቀምኩ።
ከአልጋዬ ሥር ገባ አሥራ አንድ ጥንድ ጫማ፣
መርከብ በቀረበት፣ ጨው በጠፋ ከተማ፣
ሰው እግሩን በጠቀለለበት በመኪና ጎማ።
ኡራኒ ጎረቤቴ «አንዱን ሽጭልኝ» አለች፤
«የሰው አደራ ነው» ብላት ተቀየመች።

አንድ ሌሊት ፖሊስ ቤቴን በረበረ፣
«የማን ነው?» እያለ ሶሉን እየቆጠረ።
«የሙታን ነው» አልኩት። አማትቦ ወጣ።
ያን ቀን ምነው አፌን ቁርጥ ባደረገው!

በሐምሌ ገዢው በመርከቡ ሄደ፤
ከማዘጋጃ ቤቱ ያ ሥዕል ወረደ።
ጨፈርን፣ በጎማችን አደባባዩን አስጮህነው።
ልጆቹ ግን ገና ነበሩ፣
ከባሕር ማዶ፣ የሰው አገር በረዶ ላይ።

ከሁለት ዓመት በኋላ በየተራ መጡ፣
አደራቸውን ቆጥረው ሊያወጡ።
አናጢው ሣቀብኝ፤ ቀኙን ብቻ ይዞ
ግራውን ተወልኝ፤
ግራ እግር የለውም።

አሁን ከአልጋዬ ሥር አንድ ጥንድ ተኩል አለ።
የአንሴልምን በየቅዳሜው በኮኮናት ዘይት አሸዋለሁ፣
ቆዳው እንዳይሰነጠቅ።
ቴዎዱል ይቆጣል፦
«ሴትዮ፣ ያ ልጅ እኮ አድጓል፤
ቢመጣስ፣ ይጠበዋል።»

ይጥበበው።
በባዶ እግሩ ይግባ፣
እንደወጣ።