ከመስታወቱ ጀርባ

መሰላል ያዥ እኔ፣ ወጪው ኦሬስት ሃላይኮ፤
«ቀስ በል» እለዋለሁ፣ «ጉልበትህ ይንቋቋል እኮ!»
ማክሰኞ ማታ ነው፤ ዌይበርን፣ ፍርድ ቤቱ ባዶ፣
ውጭ የካቲት ቆሟል፣ መስኮቱን በበረዶ ጋርዶ።
አዲሱ ንጉሥ መጥቷል፣ በካርቶን ቱቦ ተጠቅልሎ፣
ከኦታዋ በፖስታ፣ እንደ ግድግዳ ካሌንደር ቀሎ።

ከሰባ ዓመት ቦታዋ ወረደች ንግሥቲቱ በእርጋታ፤
ግድግዳው ላይ ቀረ ነጭ አራት ማዕዘን በፊቷ ፋንታ።
ኦሬስት ጀርባውን ፈታ፤ ሚስማሩን ነቀለ በጉጠት፤
ካርቶን ይጠብቅ ነበር፣ ሌላ ፊት ወጣ ድንገት።

አባቷ ነው፣ ጆርጅ ስድስተኛው፤ ለልጁ ድጋፍ ሆኖ
ሰባ ዓመት የቆመ፣ ከጀርባዋ ተከድኖ፤
ያ ምላሱ የሚይዘው፣ ቃል እየታገለ የነገሠ፣
በጦርነቱ መባቻ ንግግሩን በላብ የጨረሰ።
ከእሱ ጀርባ ወንድሙ። ከወንድሙ ጀርባ አባት።
ከአባትዬው ጀርባ ደግሞ ያ ጺማሙ፣ ቦርጫሙ አያት።
አምስት ዘውድ በአንድ ፍሬም፣ በአንድ መስታወት፣ በአንድ ሚስማር፤
ካርቶን ያስወጣል ብለው ንጉሥን በንጉሥ መወተፍ ነበር።

ጀርባቸው ላይ በእርሳስ የሰቃዮቹ ጽሑፍ አለ።
በጆርጅ አምስተኛው ጀርባ፦ «ታቪሽ ሙር ሰቀለ።
ስንዴው ጥሩ ነው። ሚስቴ ወለደች፤ ወንድ ነው ተባለ።»
በኤድዋርድ ስምንተኛው ጀርባ፦ «እኔው ታቪሽ። ስንዴ የለም።
ልጄ በጭነት ባቡር ጣሪያ ሄደ፤ እስካሁን አልጻፈም።»
በጆርጅ ስድስተኛው፦ «ታቪሽ። ያው ነው።»
በንግሥቲቱ ጀርባ ግን እጁ ሌላ፣ ጽሑፉ ጠጋ ጠጋ ያለ፦
«አባቴ ዐርፏል። ስንዴው ጎተራ ጠበበው። ዩዋን ሙር ሰቀለ።»

እኔም አንድ ብሂል ነበረኝ፤ ለኦሬስት አወራሁት፦
«ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ።» ሁለቴ አስረዳሁት።
ሳቀ። «እዚህ ቤት ንጉሥ ይከሳል እንጂ መቼ ይከሰሳል?»
ዳኛው ጠረጴዛ ላይ መዝገቡ «ንጉሡ በእገሌ ላይ» ይላል።
ጎማ የሰረቀ ሁሉ፣ ሰክሮ ነድቶ አጥር የጣሰ፣
ዌይበርንን በሕልሙም ባላየ ሰው ስም ነው የተከሰሰ።

«ሰማዩን ግን ተወው» አለኝ፣ ሙጫውን በጥፍሩ እየፋቀ፤
«አያቴ ስታወራ፣ ሳህኗን ገልብጣ ነበር የምትበላ፣
አቧራው እንዳይቀድማት። ሞታም ልማዱ ከእናቴ አልራቀ።
ያን ዓመት ማሳችን ተነሥቶ ከራሳችን በላይ በረረ፤
ሰማዩ ታረሰልህ፤ የዘራነው ጎረቤት ጣሪያ ላይ አደረ።»

በዚያው ዓመት ነው ይህ ቆንጆው፣ ዓይኑ ከእኛ የራቀ፣
ዓመት ሳይሞላው ዙፋኑን ለአንዲት ሴት ብሎ የለቀቀ።
ማንም አልከሰሰው። ራሱ ከሰሰ፣ ራሱ ፈረደ፣
ፈረመ፣ ቤቱን ለወንድሙ ትቶ በሌሊት መርከብ ሄደ።

ብሂሌ እጄ ላይ ቀረ፣ ግድግዳ እንዳጣ መሰላል።

«እነዚህን ምን እናድርግ?» አልኩት። መልሶ ደረደራቸው፣
አያት፣ አባት፣ ወንድም፣ ወንድም፣ ልጅ፤ በመዳፉ አስተካከላቸው፣
የልጅ ልጁን ወረቀት ገልብጦ እርሳሱን ለእኔ ሰጠኝ።
«ጻፍ» አለ።
«ስለ ስንዴ ምን አውቃለሁ? ወለል ነው የምወለውለው።»
«በረዶ ለስንዴ ጥሩ ነው። በረዶ በልና ጻፈው።»

በእኔ ፊደል ጻፍኩት፤ የሚከፍተው ቢያነብም ባያነብም፣
ከስድስተኛው ዘውድ ጀርባ፣ ቀለም በማይነካው ጨለማ፦

«ኦሬስት ሃላይኮ ሰቀለ። እኔ መሰላል ያዝኩ።
በረዶ።
ጉልበቱ ይንቋቋል።»