ስንዝር ሊሞላ ሁለት ጣት

ሥራዬ መለካት ነው።
ሊብሬ ገልጬ፣ ሲሲ ጽፌ፣ ወንበር ቆጥሬ፣
በቀይ፣ በሰማያዊ፣ በአረንጓዴ ማህደር አስሬ፣
«ይህ ትንሽ፣ ይህ መለስተኛ፣ ይህ ደግሞ መካከለኛ»
ስል እውላለሁ፣ የቆርቆሮ ዳኛ።

ክፍል ማለት ቀልድ አይደለም፤ ቀረጡ በሱ ይቆረጣል፣
ኢንሹራንሱ በሱ ይሰላል፣ የቦሎው ዋጋ በሱ ይወጣል፤
አንዲት ቁጥር ከመስመሯ ብትወርድ ወይ ብትወጣ
የአንድ ቤት የዓመት ቀለብ ነው የሚሄድ፣ የሚመጣ።

ሐሙስ ዕለት ረምዚ መጣ፣ ኮሮላውን አስከትሎ፣
ነጭ፣ አዲስ፣ የወንበሩ ላስቲክ ያልተላጠ፤ «ቶሎ፣ ቶሎ»
አለኝ፣ «አባቴ የዲኤክሱን ቦታ ጠርጎ ይጠብቀኛል፤
ሠላሳ ዓመት እሷ ያደረችበት ለኔ ያንሰኛል?»

ሞተሩን አየሁ፤ ከአባቱ ዲኤክስ ያንሳል፤
ቅጹም ከዚህ ሌላ መቼ ያነሳል!
«ትንሽ» ብዬ ማህተሜን መታሁ፣
ከነፈገግታው ሸኘሁት፤ ሻይ አስመጣሁ።

ከመግሪብ በኋላ ነው ጁገል ውስጥ ጩኸት የሰማነው።
የኛ ሰፈር መተላለፊያ ሲገቡበት ሰፊ፣ ሲዘልቁት ጠባብ ነው፤
አህያ ከነጭነቷ ስትመጣ ሰው ወደ በር ይጠጋል።
እዚያ መሃል ረምዚ ከነኮሮላው ተወሽቋል።
ወደፊት አይል፣ ወደኋላ አይል፤ በሩ አይከፈትለት፣
ስፖኪዮው እንደ ጆሮ ታጥፎ፣ ኖራ ተራግፎበት፤
በመጨረሻ የኋላ ወንበር አጥፎ፣ በኮፈኑ በኩል
ተወለደ፣ እግሩ ቀድሞ፤ የሰፈር ልጆች አሉ እልል።

አዴ መርዲያ ባትሪ ይዘው ወጡ። ግድግዳው የሳቸው ነው፤
ረመዳን በተቃረበ ቁጥር ኖራ የሚቀቡት በእጃቸው ነው።
ባትሪውን ወደ ረምዚ ሳይሆን ወደ ግድግዳው አበሩ፤
«እዩ» አሉ፤ ከኖራው ሥር ጭረቶች ተደረደሩ፤
«ይቺ ሰማያዊ፣ ከክርን ዝቅ ያለችው፣ የፔጆ ናት፤
ታክሲ ነበር፤ ባለቤቱ ራሱ መጥቶ ኖራ ቀባት።
ይቺ ቀጭኗ የቪትስ ናት፤ እሷማ ስታልፍ ድመት ናት፤
ይቺ ደግሞ ያባትህ ናት፤» ጣታቸውን አሳረፉባት፤
«በሠላሳ ዓመት አንዴ ብቻ፤ ያውም አንተ የተወለድክ ሌሊት።»

«ይህኛውስ በየትኛው ነው?» አሉና ወደኔ ዞሩ።
«ትንሽ ነው» አልኩ ቀስ ብዬ፤ «ትንሽ ነው ይላል ደብተሩ።»
አልሳቁም። «ትንሽ ከሆነ ይለፋ» ብቻ አሉኝ።
ሜትሬን ከቦርሳዬ ሳወጣ እጄ ተንቀጠቀጠብኝ።

ዲኤክስ መቶ ስድሳ አንድ፤ ይህን በቃሌ አውቀዋለሁ፤
ይሄኛው መቶ ሰባ ስምንት፤ ሁለቴ ለክቼዋለሁ።
ስንዝር ሊሞላ ሁለት ጣት።

ስሙ ያው ነው፣ አርማው ያው ነው፤ ግን ትውልድ በተተካ ቁጥር
ሞተሩ እየከሳ መጣ፣ ጎኑ እየደለበ በስውር።
እኛ ልቡን ለካን፣ ግድግዳው ጎኑን ለካ፤
ሁለታችንም አልዋሸንም፤ የተጣበቀው ረምዚ ነው ለካ።

በሳሙና ውሃ ጎኑን አርሰን፣ ዐሥር ሆነን በገመድ ሳብነው፣
ነጭ በነጭ ላይ ተፋቀ፤ ከእኩለ ሌሊት በኋላ አወጣነው።
አሁን ከሸዋ በር ውጭ ያድራል፤ ዘበኛ ተቀጥሮለታል፤
አባቱ በጠረገው ቦታ ዶሮ ይመላለስበታል።

በማግስቱ ደብተሬ ላይ አንድ ዓምድ በእርሳስ አሰመርኩ፣
«ስፋት፣ ከነስፖኪዮው» ብዬ ከሲሲው ጎን ጨመርኩ።
ኃላፊዬ አየና፣ «ይሄ ቅጹ ላይ የለም» አለኝ፤
ላጲስ ሰጠኝ። አጠፋሁት። ዱካው ግን አልጠፋልኝ።

አዴ መርዲያ ረመዳን ሲደርስ ግድግዳውን ዳግም አነጡት፤
የረምዚን ጭረት፣ ነጭ በነጭ፣ በዓይን ፈልገው አጡት፤
እጄን ይዘው አስዳሰሱኝ። በጣት ይነበባል።

ማታ ከሥራ ስመለስ፣ መንገዱ ሰው ከሌለበት፣
ቦርሳዬን አንገቴ ላይ አንግቼ፣ እጆቼን እዘረጋለሁ በስፋት፤
ግራው ይነካኛል።
ቀኙ ትንሽ ይቀረዋል።